«ይመጣሉ» ወይስ «ይምጡ»? — ስለ «የጁ ዓይዲን» ዘፈን

ጦርነት በገባበት አገር ሁሉ ሁለት ዓይነት ዘፈን ይሰማል። አንደኛው ወንዱን «ሂድ» የሚለው ነው፤ ይህኛው ቀረርቶውንና ሽለላውን፣ የሰልፉን መዝሙርና ማርሹን ሁሉ ያጠቃልላል፤ ደራሲም ሆነ ከፋይ አጥቶ አያውቅም። ሁለተኛው የቀረችው ሴት የሄደውን የምትጠብቅበት ዘፈን ነው። ስለ መጀመሪያው ብዙ ተጽፏል። ሁለተኛውን ግን ሐያስያን የመሸታ ቤት ማላዘኛ አድርገው ስለሚቆጥሩት እምብዛም አይነኩትም። በእኔ አስተያየት ለቋንቋ መምህር ይበልጥ የሚጠቅመው ይኸው የተናቀው ነው። ገና ያልሆነን ነገር በግስ እንዴት እንደምንናገር ለማስተማር ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም።

የምመረምረው ሱዳናዊቷ ድምፃዊት ዓይሻ አል-ፈላቲያ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የዘፈነችውን «የጁ ዓይዲን» የተባለ ዘፈን ነው። (የጁ ሲባል ወሎ የሚታየው አንባቢ ይኖራል፤ ነገሩ የዐረብኛ ግስ ነው እንጂ ከአገሩ ጋር ዝምድና የለውም።) ካርቱም፣ ሳጃና በሚባለው ሠፈር ሳለሁ የማውቃቸው ኢትዮጵያውያን ይህን ርእስ «ተመልሰው ይመጣሉ» እያሉ ይተረጉሙት ነበር። ትርጉሙ በሰው አፍ ከመለመዱ የተነሣ ትክክል ነው ወይ ብሎ የሚጠይቅ አልነበረም። የእኔ ክርክር ትርጉሙ ስሕተት ነው፣ ስሕተቱም የሰዋስው ብቻ ሳይሆን የዘፈኑን ልብ የሚያስት ነው የሚል ነው።

አስቀድመን ዘፈኑ የተወለደበትን ጊዜ እንመልከት፤ ዘመኑን በእኛ አቆጣጠር እጽፋለሁ። ኢጣሊያ በሰኔ 1932 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ጦርነት አውጃ በዚያው ወር መጨረሻ ከሰላንና ገላባትን ከሱዳን ላይ ያዘች። አገሩን ይጠብቅ የነበረው በ1917 ዓ.ም. የተቋቋመው የሱዳን መከላከያ ጦር ነው፤ አዛዦቹ እንግሊዞች፣ ወታደሩ ሱዳናዊ። የኦምዱርማን ራዲዮም የተከፈተው በዚያው በ1932 ዓ.ም. ሲሆን፣ የእንግሊዝ አስተዳደር ያቋቋመው ለጦርነቱ ፕሮፓጋንዳ እንዲያገለግለው ነበር። በጥር 1933 ዓ.ም. ጦሩ ወደ ምሥራቅ ተንቀሳቀሰ። ከፊሉ በከሰላ በኩል ወደ ኤርትራ ገባ፤ በዚያ ግንባር ከረን የተያዘችው ከከባድ ውጊያ በኋላ መጋቢት 18 ቀን ነው። የድንበር ሻለቃ የሚባለው ክፍል ደግሞ ጥር 12 ቀን ኦሜድላ ላይ ሰንደቅ ዓላማ ከተከሉት ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጋር ወደ ጎጃም ዘለቀ። ከዚያ በኋላ የሱዳን ወታደሮች በሊቢያ በረሃ እስከ ኩፍራና ጃሎ ድረስ ተሰማርተዋል።

ኦሜድላን ተማሪዎቻችን ያውቁታል። ስለ ዊንጌት ይፈተናሉ፤ ቡሬን፣ ደምበጫን፣ ደብረ ማርቆስን በካርታ ላይ ያሳያሉ። ከአርበኞቻችን ጎን የተሰለፈው ሱዳናዊ ወታደር ግን በመማሪያ መጽሐፍ ውስጥ ቢጠቀስ እንኳ የሻለቃ ስም ሆኖ ነው። እናት ወይም እጮኛ ትቶ የመጣ ሰው ሆኖ አይታይም። ኦምዱርማን ውስጥ «የጁ ዓይዲን» ሲዘፈን ሴቶቹ ይጠብቋቸው ከነበሩት ሰዎች ብዙዎቹ በእኛ ተራሮች ላይ ነበሩ። ለዚህ ነው ዘፈኑን የሰው አገር ዘፈን ብዬ ልተወው የማልችለው።

ስለ ዘፋኟም ጥቂት ልበል። «አል-ፈላቲያ» ማለት የፈላታ ሴት ማለት ነው። ፈላታ፣ ሱዳኖች ከምዕራብ አፍሪካ፣ ይልቁንም ከናይጄሪያ አካባቢ መጥተው ለሠፈሩት ሐውሳዎችና ፉላኒዎች ያወጡት ስም ሲሆን፣ ከእነዚህ ሰዎች ብዙዎቹ ለሐጅ ወደ መካ ሲሄዱ ወይም ሲመለሱ መንገድ ላይ የቀሩ ናቸው። ስለ መመለስ የዘፈነችው ሴት ወገኖቿ ሄደው ካልተመለሱ ሕዝቦች መሆኗን ልብ ይሏል። ሴት በአደባባይ መዝፈኗ እንደ ነውር በሚታይበት ጊዜ ዓይሻ ለወታደሮች ዘፈነች። በኦምዱርማን ራዲዮ የዘፈነች የመጀመሪያዋ ሴትም እሷ ናት። ስመ ጥር ወንድ ዘፋኞች ሴት በምትዘፍንበት ጣቢያ አንዘፍንም ብለው አድመዋል። እሷ ግን አልተወችውም። እኅቷ ጀዳዊያም ዑድ በመምታት ትታወቃለች። ዓይሻ ያረፈችው በ1966 ዓ.ም. ነው።

ዜማው ለሐበሻ ጆሮ ለምን እንደሚቀርብ ማብራራት ብዙ አያሻም። የሱዳን ዘፈን በአብዛኛው እንደ እኛ ቅኝቶች በአምስት ድምፆች ላይ የቆመ ነው። የግብፅ ዘፈን ሲሰማ ፊቱን የሚያዞር ኢትዮጵያዊ የሱዳኑን ሲሰማ ትከሻው ሳያስበው ይንቀሳቀሳል። ቋንቋውን ሳይሰሙ ዘፈኑን የራስ ማድረግ የተቻለውም በዚህ ምክንያት ነው፤ የተሳሳተው ትርጉም የገባውም በዚሁ በር ይመስለኛል።

ወደ ግሱ እንምጣ። በሱዳን የአነጋገር ዐረብኛ ወሬ የሚነገርበት ግስ በፊቱ «ቢ» ይጨመርበታል፤ «ቢጂ» ሲሉ «ይመጣል» ማለታቸው ነው። «ቢ»ን ትተው «የጂ» ሲሉ ግን ነገሩ ወደ ፈቃድና ወደ ምኞት ያዘነብላል፤ «ይምጣ» ወደሚለው ይጠጋል። በዘፈን ለምጣኔ ሲባል ፊደል ይዋጣልና ሁለቱም ትርጉም ሊሰማ ይችላል የሚል ቢኖር አልከራከረውም። ቢሆንም ዘፈኑ ለማን እንደተዘፈነ ስናስብ ምኞቱ ይበረታል። «ዓይዲን» ደግሞ «ተመላሾች» ወይም «ተመልሰው» ማለት ነው። ስለዚህ ርእሱ በአማርኛ «ተመልሰው ይምጡ» እንጂ «ተመልሰው ይመጣሉ» አይደለም።

የሰዋስው ሊቃውንቶቻችን «ይመጣል»ን ትንቢት፣ «ይምጣ»ን ትእዛዝ ይሉታል። ስያሜው እዚህ ላይ ጥሩ አድርጎ ያገለግለናል። ትንቢት የነቢይ ሥራ ነው፤ የሚሆነውን የሚያውቅ ይናገረዋል። ዓይሻ ግን የሚሆነውን አታውቅም፤ አታውቅምና አትተነብይም። በሌላ በኩል ትእዛዝ የተባለው ሩቅ ላለ ሰው ሲነገር ማዘዝ መሆኑ ይቀራል። «ይምጣ» ብላ ጦር ሜዳ ያለውን ወታደር ልታዝዝ የምትችል ሴት የለችም። ቃሉ ለሌላ፣ ለበላይ የሚቀርብ ልመና ይሆናል። «እግዜር ያምጣችሁ» በሚለው ምርቃታችን ውስጥ ያለው ግስ ይኸው ነው። «እግዜር ያመጣችኋል» ብሎ የሚመርቅ ሽማግሌ ማን ሰምቶ ያውቃል? እንዲያ ያለ እንደሆነ ከመራቂነት ወደ ጠንቋይነት ተሻገረ ማለት ነው።

ሌላው ነገር ቁጥሩ ነው። «የጁ» ብዙ ቁጥር ነው፤ ይምጡ እንጂ ይምጣ አይልም። ወዳዱን በነጠላ ጠርታ «እሱ ይምጣ» ብትል በዚያን ጊዜ ኦምዱርማን ውስጥ ነገሩ ከነውርም ያልፍ ነበር። ጦሩን ሁሉ «ይምጡ» ስትል ግን ማንም አይከለክላትም፤ እንዲያውም የእንግሊዙ መኮንን ያጨበጭብላታል። እኛ ይህን ዘዴ በሚገባ እናውቀዋለን። ሰሙ ጦሩ ነው፤ ወርቁ ከጦሩ መካከል ያለ አንድ ሰው ነው። እያንዳንዷ አድማጭ በዚያ ብዙ ቁጥር ውስጥ የራሷን አንድ ሰው ታስገባለች። ዘፈኑን ከተራ የጦር ዘፈን የሚለየው በእኔ ፍርድ ይህ ነው።

ስለ «ዓይዲን» ቃል ደግሞ ጥቂት ልቆይ፤ የቃል ዘር የሚፈልግ መምህር ደስ ይለዋል። የቃሉ ሥር ዐ-ወ-ደ ነው፤ መመለስ። ዓመት ጠብቆ የሚመለሰው በዓል «ዒድ» የተባለው ከዚሁ ነው። ዐረብኛ ተናጋሪዎች በበዓል ቀን መልካም ምኞት ሲለዋወጡም ይህንኑ «ዓይዲን» የሚለውን ቃል በሰላምታቸው ውስጥ ያነሡታል፤ ለከርሞው ያድርሳችሁ እንደማለት ነው። በግእዝ «ዖደ» ዞረ ማለት ሲሆን የዚሁ ሥር ዘመድ ነው፤ ዐውድ የሚለው ቃል፣ ዐውደ ዓመትም ከዚያ ይወጣሉ። እንግዲህ ሱዳናዊቷ «ዓይዲን» ስትል በጆሮዋ በዓል አለ። ወታደሮቹ የሚመለሱት ዝም ብለው ሳይሆን እንደ ዐውደ ዓመት ነው፤ አዲስ ልብስ ተለብሶ፣ ቤት ተጠርጎ፣ ሽቶ ተረጭቶ። «ተመልሰው ይምጡ» የሚለው የእኔ ትርጉምም ቢሆን ይህን ጨርሶ ይጥለዋል። የተሻለ ያለው ቢልክልን እወዳለሁ።

አሁን ከለንደን አንድ ዘፈን አምጥተን ከጎኑ እናስቀምጥ። አይቮር ኖቬሎ የተባለው የቲያትርና የዜማ ደራሲ «ፐርቻንስ ቱ ድሪም» የተባለ ሙዚቃዊ ድራማውን ሚያዝያ 13 ቀን 1937 ዓ.ም. በለንደን ሂፖድሮም አሳየ። የአውሮፓው ጦርነት ያበቃው ሚያዝያ 30 ቀን ነውና አሥራ ሰባት ቀን ብቻ ቀርቶት ነበር። ድራማው 1,022 ጊዜ ታየ። ታሪኩ የአንድ ትልቅ ቤት የትውልዶች ታሪክ ሲሆን፣ ከሁሉ የገነነው «ዊል ጋዘር ላይላክስ» የተባለው መዝሙር ስለ ጦርነት አንድም ቃል አያነሣም። ላይላክ በጸደይ የሚያብብ፣ ሐምራዊ ወይም ነጭ አበባ ያለው፣ ሽታው የሚያውድ ቁጥቋጦ ነው፤ ርእሱም «የላይላክ አበባ እንለቅማለን» ማለት ነው። የተለያዩት ሁለት ሰዎች ሲገናኙ በአንዲት የገጠር መንገድ አብረው እየሄዱ አበባ ሊለቅሙ ይስማማሉ፤ ነገሩ ይኸው ነው። ባሏ ወይም ልጇ ከባሕር ማዶ ያለባት አድማጭ ጦርነቱን ራሷ ጨመረችበት።

እንደ ግጥም ብንመዝነው የለንደኑ ከኦምዱርማኑ ይበልጣል ብል ማጋነን አይሆንም። የሚታይ ነገር አለው፤ መንገድ፣ አበባ፣ ጸደይ። ታላቅ ድልን ትቶ ትንሽ ነገርን መምረጡ ደራሲው ናፍቆትን የሚያውቅ ሰው መሆኑን ያሳያል፤ ናፋቂ ሰው የሚመኘው ሰልፍ ሳይሆን አብሮ ቡና መጠጣት ነውና። ግሱ ግን «ዊል» ነው፤ ትንቢት ነው። እንለቅማለን ይላል፤ የሚጠራጠር አይመስልም። ይህን ለመዝፈን ለንደን ጦርነቱ ሊያልቅ አሥራ ሰባት ቀን የቀረው መሆኑ ረድቶታል። ኖቬሎ ራሱ በወጣትነቱ፣ በ1907 ዓ.ም.፣ የቤቱ እሳት እንዳይጠፋ የሚለምን ሌላ ዝነኛ የጦርነት ዘፈን ዜማ ደርሶ ነበር። የዚያን ዘፈን ግጥም የጻፈችው ሊና ፎርድ በ1910 ዓ.ም. ለንደን ላይ በአየር ድብደባ ሞተች። ጦር ሜዳ ያልሄደችው፣ እሳቱን ትጠብቅ የነበረችው ማለት ነው። ትንቢት እንዲህ ያለ ዕዳ አለበት።

የእኛስ? ትዝታ የናፍቆት ቅኝታችን ነው፤ ግሱ ግን ብዙውን ጊዜ ወደ ኋላ ነው፤ ነበረ፣ ሄደ፣ ቀረ። ሽለላና ፉከራችን ሸኚ ናቸው። የአገር ፍቅር ማኅበር በ1927 ዓ.ም. የተቋቋመው በወረራው ዋዜማ ሕዝቡን ለመቀስቀስ ስለሆነ መድረኩ ከመጀመሪያው የ«ሂድ» መድረክ መሆኑ አያስገርምም። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. የኪነት ቡድኖች ያሰሙትም በአብዛኛው ሚሊሺያውን የሚሸኝ ነው። ተመላሹን የሚጠብቅ ዘፈን የለንም አልልም፤ አለን። ነገር ግን በክፍል ውስጥ እንደ ሥነ ጽሑፍ ቆጥረን ስናስተምረው አላየሁም። ሴቲቱ በር ላይ ቆማ የምትለው ነገር ከፈተና ውጭ ቀርቷል።

ሳጃና የሚለው ቃል የወህኒ ቤት ጠባቂዎች ማለት ነው። ሠፈሩ በሕንፃ መሣሪያ ገበያው ይታወቃል፤ ብረቱ፣ ሲሚንቶው፣ ቀለሙ፣ መጋዙ እዚያ ይሸጣል። በ1970ዎቹ ዓ.ም. ከአገራቸው የተሰደዱ ኢትዮጵያውያን እዚያና በአጎራባቹ ዴም ተከራይተው ይኖሩ ነበር። ሁሉም ጠባቂ ነበር። አንዱ ወደ አሜሪካ፣ ሌላው ወደ ካናዳ ወይም ወደ አውስትራሊያ የሚወስደውን ወረቀት ይጠብቃል፤ ባል ቀድሞ የሄደ እንደሆነ ሚስት ከሰው ቤት እየሠራች ወይም ሻይ እያፈላች ትጠብቃለች። ደብዳቤ በካሴት ይላክ ነበር፤ በአንዱ ገጽ ድምፅ፣ በሌላው ገጽ ዘፈን። እኔ ማታ ማታ አማርኛ አስተምራቸው ለነበሩ ወጣቶች ይህን ርእስ ሰጥቼ ተርጉሙት ብዬ ነበር። አብዛኞቹ «ይመጣሉ» አሉ። ዐረብኛውን ከሁሉ አጥርታ የምታውቅ አንዲት ልጅ «ይምጡ» ነው አለች። ጭቅጭቁ የሰዋስው መሰለኝና ወደ ሰሌዳው ዞርኩ። አንዱ ልጅ ግን ድምፁን ከፍ አድርጎ «እናቴን ‹ይምጣ› ብላ ትጠብቀኝ ነው የምትይው? አላውቅም ማለት እኮ ነው!» አላት። ልጅቱም «ታዲያ ታውቃለች?» አለችው።

ይህን ጥያቄ በልጅነት ድፍረት የቀረበ ብቻ አድርጌ አላልፈውም። «ይመጣል» ብሎ ማለት ለሚጠብቅ ሰው ስንቅ ነው፤ ይህን የሚያቃልል ሰው ጠብቆ የማያውቅ ነው። ዳሩ ግን ቀን በተቆረጠለት ስንቅ ላይ የሚደርሰው ይደርስበታል። በሰኔ ይመጣል የተባለው በሰኔ ካልመጣ፣ ጠባቂዋ ከሰውየው ሌላ ቃሉንም ታጣለች፤ ወይም ራሷን ጥፋተኛ ታደርጋለች። «ይምጣ» ያለች ግን በሰኔም፣ በመስከረምም፣ ከአሥር ዓመት በኋላም ያንኑ ቃል ሳታፍር ልትደግመው ትችላለች። አልዋሸችምና። መምህራን ወላጃቸው የራቀባቸውን ተማሪዎች ስናጽናና የምንመርጠው ግስ የቱ እንደሆነ ብናስብበት ጥሩ ነው፤ እኔ ብዙ ጊዜ ቸኩሎ «ይመጣል» የሚል መምህር ነው ያየሁት።

ለዘፈኑ የማዳላ እንዳይመስል ጉድለቱንም ልናገር። የሚታይ ምስል የለውም። ርእሱን ከያዝን ሐሳቡን ይዘናል፤ ከመነሻው እስከ መድረሻው የሚጓዝ ነገር የለም። የሚመለሱት ሰዎች የት እንደሄዱ፣ ለምን እንደሄዱ፣ በማን ትእዛዝ እንደሄዱ አይጠይቅም። የእንግሊዝ አስተዳደር በራዲዮውም በጦር ሠፈሩም እንዲህ ያለውን ዘፈን የወደደው ስለዚህ ነው። የሱዳን ምሩቃን ጉባኤ በ1934 ዓ.ም. የራስን ዕድል በራስ የመወሰን ጥያቄ ሲያቀርብ አስተዳደሩ አልተቀበለውም፤ ወታደሮቹ ከከረን የተመለሱት ነጻ ወዳልሆነ አገር ነው። ዘፈኑ ይህን አያውቅም። ይሁን እንጂ ዘፈንን አሠሪው በፈለገበት አገልግሎት ብቻ መመዘን ትክክል አይመስለኝም። ራዲዮው የፈለገው የወታደሩ ልብ እንዲጸና ነው። ሴቶቹ የፈለጉት ሰዎቹን ነው። አንዱ ዜማ ሁለቱን ማገልገሉ የዘፋኟ ጥፋት አይደለም።

ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. ካርቱም ውስጥ በሱዳን ጦርና በፈጥኖ ደራሽ ኃይሉ መካከል ውጊያ ተነሣ። ኦምዱርማን ያለው የራዲዮና የቴሌቪዥን ሕንፃ ከጦርነቱ መጀመሪያ ጀምሮ በፈጥኖ ደራሹ እጅ ቆይቶ ጦሩ መልሶ የያዘው መጋቢት 3 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው፤ የሱዳንን ዘፈን የሚወድ ሰው ሁሉ በእነዚያ ወራት ስለ ድምፅ ክሮቹ ሲሠጋ ነበር። ሳጃናና ዴም ከነዋሪዎቻቸው ብዙውን አጡ፤ ከኢትዮጵያውያኑም አገራቸው የገቡ አሉ። ሱዳናውያኑ በብዛት ወደ ግብፅና ወደ ቻድ፣ ከፊሎቹ ደግሞ በገላባት በኩል ወደ መተማ ተሻገሩ። በ1932 ዓ.ም. ኢጣሊያ የያዘችው ያው ገላባት ነው። ለስደተኞቹ በምዕራብ ጎንደር ኩመርና አውላላ ላይ መጠለያ ተከፍቶ ነበር።

ከዚያ አካባቢ የሚያስተምር ባልደረባ ይህን ጽሑፍ ካነበበ አንድ ነገር ቢሞክር ደስ ይለኛል። የአማርኛና የዐረብኛ ተናጋሪ ልጆችን አንድ ላይ አስቀምጦ «ይመጣሉ»ንና «ይምጡ»ን፣ «ቢጁ»ንና «የጁ»ን በሰሌዳ ላይ ጎን ለጎን ይጻፍላቸው። ከዚያ ዝም ብሎ ያዳምጥ፤ የትኛውን መቼ እንደሚሉት እነሱ ይንገሩት።